ዘፋኙ ተለይቶ ነው

ሙሉ ነገር አያስችለንም። ደህና እያወራ ያለ ሬዲዮ ካየን ካቻቢቴ ፍለጋ እንነሳለን፤ ገልብጠን፣ ሆዱን ከፍተን፣ ውስጡ ያለውን ሁሉ ጋዜጣ ላይ ዘርግተን «አሃ!» እንላለን። ምኑ እንደገባን ግን አይታወቅም። መልሰን ስንገጥመው ሁልጊዜ ሁለት ብሎን ይተርፈናል። ሬዲዮው ይናገራል፣ አንዳንዴም ከበፊቱ አሳምሮ ይናገራል፤ እኛ ግን የተረፉትን ሁለት ብሎኖች ኪሳችን ከተን ምን ይሠሩ እንደነበር ስናስብ እንኖራለን። እንዲህ ያለ አመል ከሌለባችሁ ተመስገን በሉ። እኔ አለብኝ። በልጅነቴ ሬዲዮ እፈታ ነበር፤ አሁን ሠላሳ አምስት ዓመት ሞልቶኝ፣ ዲግሪ ደርቤ፣ ዘፈን እፈታለሁ።

ዘፈን ደግሞ እንዴት ይፈታል ትሉኝ ይሆናል። አንድ የሮክ ዘፈን ሲቀዳ ከበሮው፣ ቤዝ ጊታሩ፣ ዋናው ጊታርና ዘፋኙ ለየብቻ ይቀዳሉ፤ በመጨረሻ ባለሙያው ያዋህዳቸውና እኛ የምናውቀው ዘፈን ይሆናል። አንዳንድ ባንዶች ታዲያ ደግነት ሲያምራቸው፣ እነዚያን ገና ያልተዋሃዱ ፋይሎች ለጀማሪዎች መማሪያ ይሁኑ ብለው ይለቃሉ። ከዚያ በኋላ ጉዳዩ የእናንተ ነው። ከበሮውን ብቻ ወስዳችሁ የራሳችሁን ጊታር ብትጨምሩበት፣ ዘፋኙን አስወጥታችሁ በቦታው እናንተ ብትገቡ ከልካይ የለባችሁም። እኔም አንድ ስሙን የማልጠራው የእንግሊዝ ባንድ ከልጅነቴ ጀምሮ የምወደውን ዘፈን እንዲህ በታትኖ መልቀቁን ስሰማ፣ በቢሮ ኢንተርኔት ሦስት ቀን ሙሉ ሳወርድ ከረምኩ። በሦስቱም ቀን ኢንተርኔቱን ጠበቅኩት፣ ለመንኩት፣ ሰደብኩት።

ፈረንጆቹ እንደነዚህ ያሉትን ፋይሎች «ስቴም» ይሏቸዋል፤ ግንድ እንደማለት ነው። እኔ ግን በቋንቋዬ ቀልድ አላውቅምና፣ አማርኛ ምን ጎደለው ብዬ፣ መርጬ መርጬ «የተለየ ድምፅ» አልኩት። ከበሮው ተለየ፣ ጊታሩ ተለየ፣ ዘፋኙ ተለየ። ቃሉ አፌን ሞላው። ለሥራ ባልደረቦቼም አስተማርኳቸው። ይቺ የቋንቋ ተቆርቋሪነቴ ምን እንዳመጣችብኝ ነው አሁን የማወራችሁ። «ግንድ» ብዬው ቢሆን ኖሮ ቢበዛ ማገዶ ይመጣልኝ ነበር።

የምኖረው መቀሌ፣ ሓድነት ነው። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ስለ አፈር አስተምራለሁ፤ ከደብረ ብርሃን ከመጣሁ ሦስተኛ ዓመቴን ይዣለሁ። አከራዬ ኣደይ ለተብርሃን ይባላሉ። «ኣደይ» በትግርኛ «እናቴ» ማለት ነው፤ እሳቸውም ቃሉን በከንቱ አያስጠሩትም። ዝናብ ሲመጣ ልብሴን ከገመድ ላይ ያነሳሉ፣ ካሳለኝ ዝንጅብል አፍልተው ይመጣሉ፣ እናትም ናቸውና በሩን ሳያንኳኩ ይገባሉ። የመጣሁ ዕለት አንድ ሕግ ብቻ ነው የነገሩኝ። «በሰፈር ፊት እንዳታሳፍረኝ። ከሱ ውጪ ልጄ ነህ።» ከእኔ በፊት የነበረው ተከራይ አንድ ቀን ሰክሮ ከጎረቤት ጋር ተጣልቶ፣ በማግስቱ ሻንጣው በር ላይ ተሸክፎ ተገኘ አሉ። ሸሚዙን እንኳ ተኩሰውለት ነበር። እኔ ያንን ክፍል እወደዋለሁ። ግድግዳው ድንጋይ ነው፣ መስኮቱ አንድ ነው፣ ለድምፅ ሥራ እንደሱ ያለ ክፍል በዚህ ከተማ ሌላ ቦታ አላገኝም። ከየምግብ ቤቱ የእንቁላል ካርቶን ለምኜ ግድግዳውን ስለብደው ኣደይ ለተብርሃን ዶሮ ላረባ መስሏቸው ነበር፤ ለስቱዲዮ መሆኑን ስነግራቸው ዶሮ ቢሆን ይሻል ነበር አሉኝ።

ክፍሉ አንድ ጉድለት ብቻ አለው፤ ጉድለቱም ካሕሳይ ይባላል። ካሕሳይ ከአጥሩ ማዶ የብረት በርና መስኮት የሚሠራ ሰው ነው። ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ብረት መቁረጥ ይጀምራል፣ አሥራ አንድ ተኩል ላይ ያቆማል፤ በመሃል ያለውን ሰዓት ሁሉ የእሱ ማሽን ይዘፍናል። ጊታሬን ሳነሳ ይጀምራል፣ ሳስቀምጥ ያቆማል። ሆን ብሎ ነው ልል ሁሉ ቃጥቶኛል። ራሱ ግን ቃል የማይወጣው ሰው ነው። ሰላም ስለው መነጽሩን ከፍ አድርጎ አንገቱን ይነቀንቃል፣ መነጽሩን ይመልሳል፣ በቃ። የታናሽ ወንድሙ መርዶ በመጣበት ሰሞን፣ ሰፈሩ በየበሩ መርዶ ነበረበትና ማን ማን ጋ ሄዶ ይቀመጥ፣ ካሕሳይ በዚያው ቀን ወርክሾፑን ከፍቶ ብረት ሲቆርጥ ዋለ ይላሉ። ይህን ሲያወሩ አንዳንዶቹ ይወቅሱታል። እኔ የሰማሁት ከኣደይ ለተብርሃን ነው፤ እሳቸው አልወቀሱትም፣ ጭንቅላታቸውን ብቻ ነቀነቁ።

እንግዲህ ቀኑ እሑድ ነው። ካሕሳይ ዘግቷል፣ መብራት አለ፣ ኣደይ ቤተ ክርስቲያን ናቸው። ፋይሉ ትናንት ማታ ወርዶ አልቋል። ማዳመጫዬን ነቅዬ ስፒከሩን ከፈትኩና ሌሎቹን ሁሉ ዘግቼ ዘፋኙን ብቻውን አስነሳሁት። ይህ ሰው ባንዱ ከኋላው ሲኖር ጀግና ነው። ብቻውን ሲሰማ ግን ሆዱን የቆረጠው ሰው ነው። ትንፋሹን ይስባል፣ ምራቁን ይውጣል፣ ያቃስታል፤ ከበሮውና ጊታሩ ተራቸውን እስኪጨርሱ እሱ ግማሽ ደቂቃ ዝም ይላል፤ ከዚያ በድንገት «ኖኦኦኦ!» ብሎ ጣራ የሚነቅል ጩኸት ይጮሃል። እንደገና ዝም። እንደገና ያቃስታል። እኔ በደስታ ልሞት ነበር። ሃያ ዓመት የሰማሁት ዘፈን ውስጥ ሰውየው ውሃ ሲጎነጭ እንኳ ይሰማል!

በሩ ሲንኳኳ ድምፁን አቆምኩት። አዎ፣ ተንኳኳ፤ ኣደይ ለተብርሃን ለመጀመሪያ ጊዜ በሬን ያንኳኩት ያን ቀን ነው። ያን ጊዜ መጠርጠር ነበረብኝ።

«ኣንታ መምህር፣ ሰላም ነህ ዶ? ምን ሆነህ ነው?»

ከነነጠላቸው ቆመዋል። ሦስት ቀን ኮምፒውተር ላይ በማፍጠጥ ዓይኔ ቀልቷል።

«ምንም አይደለም ኣደይ፤ ዘፋኙ ተለይቶ ነው።»

«ተለይቶ?»

«አዎ፣ ከጓደኞቹ ተለይቶ። ለዚህ ነው እንዲህ የሆነው።»

«ዋይ ኣነ! መቼ?»

«ትናንት ማታ ነው ያለቀው። እኔ ገና አሁን ነው የሰማሁት።»

«የቅርብህ ነበረ ዶ?»

«ኧረ ከልጅነቴ ጀምሮ! እሱን እየሰማሁ እኮ ነው ያደግኩት።»

ኣደይ ደረታቸውን በመዳፋቸው መቱ፤ «ኣጆኻ ወደይ፣ በርታ» ብለውኝ ፈጠን ፈጠን እያሉ ሄዱ። እኔ ምን አሰብኩ መሰላችሁ? ለጥበብ ስሜት ያላቸው ሴት ናቸው ብዬ አሰብኩ! ቃሌን ከአፌ ሲወጣ ብሰማው ኖሮ! በሞት የተለየውን ሁሉ «ተለየን» የምንል ሕዝብ፣ በትግርኛም በአማርኛም እንዲሁ የምንል፣ እኔ ደግሞ ቀልቶ ባበጠ ዓይን በር ላይ ቆሜ ከልጅነቴ የማውቀው ሰው ትናንት ማታ ተለየ እላለሁ። ይህ ሁሉ ግን ኋላ ነው የገባኝ። ያን ጊዜ በሩን ዘግቼ ወደ ሥራዬ ተመለስኩ።

ሥራዬ ምን ነበር? ያቺን «ኖኦኦኦ» ወድጃታለሁና ቆርጬ አወጣኋት፤ መነሻዋና መድረሻዋ እንዲገጥም ደጋገምኳት። አንዴ፣ ሁለቴ፣ አሥሬ፣ ሃያ ጊዜ። ዝቅ አደረግኳት፣ ከፍ አደረግኳት። አንድ ሰዓት ያህል ቆይቼ ሲጠማኝ አቆምኳትና ውሃ ልቀዳ ወጣሁ።

ግቢው ሞልቷል። የዕድሩ አግዳሚ ወንበር በሁለት ረድፍ ተደርድሯል፤ ሴቶቹ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው በአንድ በኩል፣ ወንዶቹ ጋቢያቸውን ጥምጥም አድርገው በሌላው በኩል ተቀምጠዋል። ማንም ትንፍሽ አይልም። እኔን ሲያዩ ሁሉም ብድግ አሉ። ኣደይን ከወዲያ ቆመው አየኋቸውና፣ እሳቸው ካሉ ከዘመዳቸው አንዱ ነው የሞተው ብዬ ደመደምኩ። እሳቸው በዚህ ሐዘን ላይ፣ እኔ ውስጥ ቁጭ ብዬ ሮክ አስጮሃለሁ! አፍሬ አንገቴን ደፋሁና ከረድፉ ጫፍ፣ ከአንድ ጡረታ የወጡ የፖስታ ቤት ሠራተኛ ጎን፣ ሐዘንተኛ መስዬ ተቀመጥኩ። ትንሽ ቆይቼም ወደ ጆሯቸው ጠጋ አልኩ።

«ማነው የሞተው?»

ሰውየው በእዝነት አዩኝ። ክንዴን ያዝ አድርገው፣ «ኣጆኻ መምህር፣ ሐዘን እንዲህ ያደርጋል። ጓደኛህ ነው እኮ፣ ዘፋኙ» አሉኝ።

ተነሳሁ። እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ልናገር ነው የተነሳሁት። «ወገኖቼ፣ የሞተ ሰው የለም፣ ይህ የኮምፒውተር ፋይል ነው» ልል አፌን ከፍቼ ነበር። አንድ ዓይኔ ኣደይን አየ። ሰፈሩን በሙሉ ከቅዳሴ መልስ፣ ገና እህል ሳይቀምስ የጠሩት እሳቸው ናቸው። አሁን «ዘፈን ነው» ብል ዕድሜ ልካቸውን በዘፈን ልቅሶ የጠሩት ሴትዮ ይባላሉ፤ እኔም የተተኮሰ ሸሚዜን ይዤ በር ላይ ነኝ። ያኔ ከኋላ አንድ ሰው መጥቶ አቀፈኝ። ካሕሳይ ነው። ያ ጭንቅላቱን ነቅንቆ የሚሄድ ሰው፣ የብረት ሽታው እሑድ እንኳ የማይለቀው ሰው፣ ፊቱን ትከሻዬ ላይ ደፋ አደረገና «ወይ ሓወይ፣ ወይ ሓወይ» እያለ ያለቅስ ጀመር። ወንድሜ ማለቱ ነው። እኔን ግን አልነበረም የሚጠራው። ሴቶቹም ተከተሉት፤ ግቢው በአንድ ጊዜ ተነሳ። እንግዲህ እናንተ ብትሆኑ በዚያ ሰዓት ፋይል ነው ትሉ ነበር? እኔ አላልኩም። እኔም አለቀስኩ። ለማን እንዳለቀስኩ ብትጠይቁኝ አላውቀውም።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሦስት ቀናት በሕይወቴ ውስጥ ያላየኋቸው ናቸው። ፍራሽ መሬት ላይ ተነጥፎልኝ ተቀመጥኩ። ሰው ይመጣል፣ ሰው ይሄዳል፤ ከቁሓ ድረስ የመጣ አለ። ሁሉም ስለ ሟቹ ይጠይቀኛል። አንድም ውሸት እንዳልተናገርኩ ልብ በሉልኝ፤ ብዙ የደከምኩት ለእሱ ነው። «ልጅ አለው ዶ?» «ሦስት።» «የት ነው የነበረው?» «እንግሊዝ አገር።» «አስከሬኑስ እዚያው ነው?» «እዚያው ነው ያለው» አልኩ፤ አስከሬኑ ከነነፍሱ እዚያው ነበር። ሙሾ የሚያወጡት ሴት ስሙን ጠየቁኝ፣ ነገርኳቸው፤ ሁለት ሦስት ጊዜ ሞክረውት ከዜማው ጋር አልገጥም ሲላቸው «ወዲ እንግሊዝ»፣ የእንግሊዝ ልጅ፣ ብለው አለቀሱለት።

ከሁሉ ያበሳጨኝን ልንገራችሁ። ካሕሳይ ለሐዘኔ ክብር ብሎ ሦስት ቀን ወርክሾፑን ዘጋ። ሦስት ቀን ሙሉ! መቀሌ ከመጣሁ ጀምሮ የተመኘኋት ጸጥታ መጣች። ሰኞ ማሽን የለም፣ ማክሰኞ ማሽን የለም፣ ረቡዕ ወፍ ይሰማል። ማይክሮፎኔ ከፍራሼ ሁለት ክንድ ርቀት ላይ ቆሞ ያየኛል። እኔ ግን ሐዘንተኛ ነኝና ጊታር መንካት አልችልም። ጊታሩን ራሱን አንዷ ጎረቤት በነጠላ ሸፍናዋለች። ያን ዘፋኝ በዚያ ሰዓት ባገኘው ኖሮ በእጄ ነበር የምለየው።

ሐሙስ ከሰዓት ሰው ቀለል ሲል፣ ቁርጤን አውቄ ኣደይ ለተብርሃን ጋ ሄድኩ። ሻንጣዬን በልቤ ሸክፌያለሁ። ምስር እየለቀሙ ነበር።

«ኣደይ፣ አንድ ነገር ልነግርዎት ነው።»

«ዘፈን ነው» አሉኝ ቀና ሳይሉ።

የሦስት ቀን ንግግሬን ሁለት ቃል አድርገው ሰጡኝ።

«መቼ አወቁ?»

«እሑድ ነዋ፤ ወንበሩ ሲገባ። መጀመሪያ የጮኸውን አምኛለሁ። ኋላ ግን ያችኑ ደጋገምካት፣ ያችኑ። ኣንታ፣ ሰው ሁለት ጊዜ አንድ ዓይነት አያለቅስም። ይህን የማላውቅ መሰለህ ዶ?»

«ታዲያ ለምን አልመለሷቸውም?»

«ልመልሳቸው ወጣሁ። ካሕሳይ በሩ ጋ ቆሟል። ጆሮው ወደ አንተ መስኮት ነው፣ ከንፈሩ እንዲህ እንዲህ ይላል።» በጣታቸው ከንፈራቸውን ነካ ነካ አደረጉ። «ያኔ በወንድሙ ጊዜ አንዳችንም አልሄድንለትም። እያንዳንዳችን የየራሳችን ነበረን። እና ምን ልበለው? 'ተመለስ ካሕሳይ፣ ዘፈን ነው' ልበለው?»

አንዲት ጠጠር ከምስሩ አውጥተው ጣሉ።

«ስለዚህ እስከ ዐርባው ዘፈን እንዳትከፍት» አሉ።

«ኣደይ! ሰውየው እኮ በሕይወት አለ!»

«ዕድሜ ይስጠው። ለዐርባ ቀን ግን ሞቷል። በሰፈር እንዳታሳፍረኝ ብዬሃለሁ።»

እንግዲህ በዚህ ሁኔታ ላይ ነኝ። በገዛ ክፍሌ፣ በእንቁላል ካርቶን ተከብቤ፣ ማዳመጫ ጆሮዬ ላይ አድርጌ፣ ከንፈሬን ሳላንቀሳቅስ ዘፈን እሰማለሁ፤ እግሬ መሬቱን እንዳይመታ በሌላው እግሬ እረግጠዋለሁ። ባለፈው ቅዳሜ ጠዋት ደግሞ ስልኬን ስከፍት ሟቹ አዲስ ኮንሰርት ሊጀምር ነው የሚል ዜና መጣልኝ። ፎቶውም አለ፤ ወፍሯል። ዜናውን አንብቤ ሳልጨርስ ካሕሳይ ዘይትና መዶሻ ይዞ በሬ ላይ ቆመ። ከልቅሶው ወዲህ እንዲህ ብቅ ይላል። የክፍሌ በር ማጠፊያ ሲጢጥ እንደሚል ሰምቶ ሊያስተካክልልኝ ነው የመጣው። ያቺ ማጠፊያ ስንት ቅጂ እንዳበላሸችብኝ አልነገርኩትም።

ቁልቁል ተቀምጦ ዘይት እያንጠባጠበ፣ «ጥሩ ሰው ነበረ?» አለኝ።

ዜናው ጭንቅላቴ ውስጥ ነበርና አመለጠኝ። «ጥሩ ሰው ነው» አልኩት። ነው! ምላሴን ነከስኩ። አለቀልኝ፣ ተነቃብኝ ብዬ ጠበቅኩ።

ካሕሳይ ማጠፊያውን በጣቱ ጠረገ። «የኔም ጥሩ ልጅ ነው» አለ።

በሩን ሁለት ጊዜ ከፍቶ ዘጋው፤ ድምፅ የለውም። ዕቃውን ሰብስቦ ሄደ። ጥቂት ቆይቶ ከአጥሩ ማዶ የብረቱ ጩኸት ተነሳ፤ ማዳመጫዬን አወለቅኩና ዝም ብዬ አዳመጥኩት። የዚያን ቀን አልተናደድኩም። ሰኞ ሁለት ሰዓት ላይ ግን እንደገና ተናደድኩ።